የግማሽ ቀን ቅድሚያ

እንደ ፈረንጆች አቆጣጠር በ፲፱፻፵፱ ዓ.ም.፣ ጁላይ ፲፭ ቀን፣ ዕለቱ ዓርብ ነው፤ የቱንጋባድራ ወንዝ በክረምቱ ውኃ ደፍርሶና አብጦ የሂሬጉንዲን ከተማ ግርጌ እያጠበ ይወርድ ነበር። ከወንዙ ወዲህ፣ ድንጋይ በድንጋይ ላይ እንደተቆለለ ከቆመው ኮረብታ ሥር፣ የወረዳው ጽሕፈት ቤት ይታያል፤ ጣሪያው ሸክላ፣ ግድግዳው በኖራ የተለሰነ፣ ከበሩም በላይ የቀድሞው ሙስሊም ገዢ፣ የኒዛሙ፣ መንግሥት ዓርማ ተፍቆ ሥፍራው ገና ያልተቀባ። የሃይደራባዱ ኒዛም ግዛት ለዴልሂ መንግሥት ከገባ ዓመት አልሞላውም፤ በዚያች አጭር ጊዜ ብዙ ነገር ተለዋውጧል፤ ከሁሉም ይልቅ እኛን ሂሬጉንዲዎችን ግራ ያጋባን ግን የዕረፍቱ ቀን ነበር። በኒዛሙ ዘመን መንግሥት የሚያርፈው ዓርብ ነው፤ አሁን እሑድ ሆነ። ከአያት ከቅድመ አያት ጀምሮ ዓርብ ቀን የመንግሥት መዝገብ ተገልጦ ስለማያውቅ፣ የዓርብ ረፋድ ለፊርማ ይቅና አይቅና ያሰበበት ሰው አልነበረም።

ወይዘሮ ባሳማ ግን አሰቡበት። ባላቸው ከሞቱ ወዲህ አንድ ልጃቸውን ቪሩፓክሻን ለብቻቸው ያሳደጉ፣ ፊደል ባይቆጥሩም መልካሙንና ክፉውን ሰዓት እንደ ጓዳቸው ለይተው የሚያውቁ ሴት ነበሩ። በአገሩ እምነት ራሁ የሚባል ክፉ ኮከብ በየቀኑ ሰዓት ተኩል ያህል በዓለም ላይ ይሠለጥናል፤ በዚያ ሰዓት የተጀመረ ሥራ፣ የተቆረጠ መንገድ፣ የተሰጠ ቃል አይሰምርም፤ ዓርብ ዕለት ደግሞ የራሁ ሰዓት ከረፋዱ አራት ተኩል አንሥቶ እስከ ቀትር ነው። ጽሕፈት ቤቱም የሚከፈተው በአራት ተኩል ነበር።

«ልጄ፣» አሉት በማለዳ፣ ግንባሩ ላይ የጸሎቱን አመድ እየቀቡት፤ «ቀትር ሳያልፍ ብዕር እንዳትይዝ። ዕድሜ ልክህን የምትበላበት ሥራ ነው፤ በክፉ ሰዓት እንዳትጀምርብኝ።»

«እሺ፣ እማዬ።»

«እሺ ብለህ እንዳትሸውደኝ።»

«መቼ ሸውጄሽ አውቃለሁ?»

እውነቱን ነበር፤ ቪሩፓክሻ የእናቱን ቃል ጥሶ የማያውቅ ልጅ ነው።

በአንድ የሹመት ወረቀት፣ በአንድ ቀን፣ ለአንድ ዓይነት የተራ ጸሐፊነት ሥራ የተመደበ ጓደኛ ነበረው፤ ማሕቡብ አሊ ይባላል። የማሕቡብ እናት ገና ዳዴ ሲል ስለሞተች፣ ባሳማ ከአጥሩ ወዲያ ሆኖ ሲያለቅስ እየሰሙ እንጀራቸውን ሳያካፍሉት ውለው አያውቁም፤ እርሱም እንደ እናቱ «አማ» እያለ ይጠራቸዋል፤ ቪሩፓክሻን ደግሞ በአጭሩ «ቪሩ» ይለዋል። ሁለቱ ወጣቶች በሦስት ሰዓት ጽሕፈት ቤቱ ደጅ ደርሰው ከኒም ዛፉ ሥር ቆሙ። በሩ ተከፈተ፤ አንዳቸውም አልተንቀሳቀሱም።

«እኔም ከአንተ ጋር እጠብቃለሁ፣» አለ ማሕቡብ።

«አንተማ ቀትር ላይ ጁምዓ አለብህ። ሰግደህ ስትመለስ ስምንት ሰዓት ነው። ሹሙ ደግሞ ከምሳ በኋላ ያንቀላፋል ይላሉ። ግባና ፈርም።»

«አብረን ተሾመን አብረን ብንገባ ምናለ?»

«እናቴ የከለከለችው እኔን ነው። አንተን ራሁ ምን ያደርግሃል? ግባ አልኩህ፤ መስኮቱ አጠገብ ያለውን ጠረጴዛ ያዝልኝ።»

«ላንተ? ለራሴ ነዋ የምይዘው!»

ማሕቡብ ገብቶ ፈረመ፤ ከዚያም ወጥቶ ከጓደኛው ጎን ተቀመጠና የመስጊዱ ጥሪ እስኪሰማ ድረስ ወንዙን እያዩ ሲያወሩ ቆዩ። ቀትር ካለፈ በኋላ ቪሩፓክሻ ለብቻው ገባ። ሽማግሌው የጽሕፈት ቤት ሹም መነጽራቸውን ወደ ግንባራቸው ሰቅለው በኒዛሙ መንግሥት የጽሕፈት ቋንቋ በኡርዱ በመዝገቡ ላይ፣ ከአንደኛው ስም ፊት «ከቀትር በፊት»፣ ከሁለተኛው ፊት «ከቀትር በኋላ» ብለው ጻፉ፤ አሸዋ ነሰነሱበት፤ መዝገቡንም ዘጉት። እነዚያን ሁለት ቃላት ሃያ ሦስት ዓመት ሙሉ ማንም አላነበባቸውም።

ዘመኑ የዝርዝር ዘመን ነበር። በ፲፱፻፶፮ ዓ.ም. ዴልሂ አገሩን በየቋንቋው ስትሸነሽነው የሃይደራባድ ግዛት ለሦስት ተቆረሰ፤ ሂሬጉንዲም ከነጸሐፊዎቿ ለጎረቤቱ ግዛት ለማይሶር ተሰጠች። ማይሶር ከአራት ከአምስት ግዛት የመጡትን ሠራተኞች በአንድ ገበታ ሊያስቀምጥ ፈለገ፤ ማን ከማን ይቀድማል? ማን መጀመሪያ ያድጋል? ጊዜያዊ የቅድሚያ መዝገብ ወጣ፤ ተቃውሞ ዘነበበት፤ ሁለተኛ ጊዜያዊ መዝገብ ወጣ፤ ተቃውሞው ባሰ። በዚያ ዘመን የጸሐፊ ቤት ልጅ አባቱ ከሻይ በፊት የመንግሥት ጋዜጣ ገልጦ በጣቱ ስሙን ሲፈልግ እያየ አደገ፤ ጋብቻ ሳይቀር «በመዝገቡ ስንተኛ ነው?» ተብሎ ይጠየቅበት ነበር። ስሙ ሦስት ደረጃ ዝቅ ብሎ ስላገኘው አልጋ የያዘ ሰው አውቃለሁ።

ቪሩፓክሻና ማሕቡብ ግን በዚህ ሁሉ አልተነካኩም። በየመዝገቡ ቪሩፓክሻ ከማሕቡብ በላይ ነበር፤ በአንድ ቀን የተሾሙ ሰዎች በዕድሜ ይቀዳደማሉና፣ እርሱም በሦስት ወር ይበልጠዋልና። እርሱ ሲያድግ ማሕቡብ ይከተለዋል፤ ጠረጴዛውን ሲለቅለት ማሕቡብ ይይዘዋል። በ፲፱፻፸፩ ዓ.ም. ቪሩፓክሻ ተጠባባቂ ተህሲልዳር ተብሎ በወረዳው ሹም ወንበር ላይ ተቀመጠ። ያን ቀን ወይዘሮ ባሳማ አዲሱን ሳሪያቸውን ለብሰው በረንዳው ላይ ዋሉ፤ አላፊ አግዳሚው «የተህሲልዳሩ እናት፣ እንዴት አሉ?» ሲላቸው እንዳልሰሙ ሆነው ሁለት ጊዜ ያስብሉት ነበር።

«ደግ ሰዓት ነው ያስጀመርኩት፣» ይሉ ነበር ለመጣው ሁሉ። «የዛሬ ሃያ ምናምን ዓመት፣ ዓርብ ቀን፤ ቀትር ይለፍ ብዬ አስጠብቄው። ይኸው አያችሁ!»

የመጨረሻው የቅድሚያ መዝገብ በዓመቱ ወጣ። በግዛቲቱ ዋና ከተማ በባንጋሎር አንድ ትጉህ ሰው፣ ስሙን አናውቀውም፣ የሂሬጉንዲን አሮጌ መዝገብ አስመጥቶ፣ ኡርዱውን አስተርጉሞ፣ እነዚያን ሁለት ቃላት አንብቧቸው ነበር። ከቀትር በኋላ የገባ ሰው አገልግሎቱ የሚቆጠረው ከማግስቱ ነው ይላል ደንቡ፤ ስለዚህ ዕድሜ አያስፈልግም፤ ማሕቡብ አሊ በአንድ ቀን ይቀድማል። ተህሲልዳርነቱ ለማሕቡብ ይገባዋል፤ ቪሩፓክሻ ወደ ዋና ጸሐፊነቱ ይመለስ።

ቪሩፓክሻ ወረቀቱን ቆሞ አነበበው፤ ቁጭ ብሎ ደገመው። ወንበሩን አልወደደውም ነበር ብለን አንዋሽም፤ ወዶታል፤ ሲነሣበትም አመመው። አንጀቱን የቆረጠው ግን ሌላ ነው። እናቱ ሰባ ስምንት ዓመታቸው ነው፤ ልጄን ለወግ ለማዕረግ ያበቃሁት በዚያች በአንዲት ምክሬ ነው ብለው ያምናሉ፤ በዚያው እምነት ደስ ብሏቸው ያረጃሉ። ከወንበሩ የወረደበትን ምክንያት ማን ይነግራቸዋል? ያችው ምክር ናት ቢባሉ፣ ከዚያ በኋላ እህል በአፋቸው ይዞራል? ስለዚህ መዝገቡ መፍረስ አለበት፤ መዝገቡን የሚያፈርሰው ደግሞ የባንጋሎር ከፍተኛ ፍርድ ቤት ብቻ ነው፤ እዚያ ለመድረስም መንግሥትን፣ ከእርሱም ጋር ማሕቡብን በስሙ መክሰስ ግድ ነው።

ሦስት ቀን አፉ ላይ እየመጣበት ዋጠው። በአራተኛው ቀን ማሕቡብ ራሱ ወደ ጠረጴዛው መጣ።

«ጠበቃ አገኘህ ወይስ እኔ ልፈልግልህ?»

«ማሕቡብ…»

«ማንን ልትከስ ነበር ታዲያ? የማታውቀውን ሰው? ክሰሰኝ እንጂ! ስሜ ባንጋሎር ችሎት ላይ ሊጠራ እኮ ነው። ለቢልቂስ እነግራታለሁ፤ ሃያ ዓመት ሙሉ ማን ያውቅሃል እያለች ስታቃጥለኝ ኖራለች።»

«የምከሰው ለወንበሩ ብቻ አይደለም።»

«አውቃለሁ፣» አለ ማሕቡብ ድምፁን ዝቅ አድርጎ። «አማ እንዳይሰሙ ነው። እኔስ ከማን እጅ በልቼ ያደግሁ መሰለህ?»

ክሱ ሁለት ዓመት ወሰደ፤ በመካከሉ የማይሶር ግዛት ስሟን ለውጣ ካርናታካ ስለተባለች፣ ቪሩፓክሻ የከሰሰው አንዱን መንግሥት ሆኖ የሚፈረድበት ሌላው ሆነ። ፍርዱ እስኪሰጥ ወንበሩ ላይ እንዲቆይ ታዘዘለት። በየቀጠሮው ሁለቱም በአንድ አውቶቡስ ወደ ራይቹር፣ ከራይቹርም በአንድ ባቡር ወደ ባንጋሎር ይሄዳሉ። ስንቁን የምታዘጋጀው የማሕቡብ ሚስት ቢልቂስ ናት፤ ቪሩፓክሻ ሥጋ ስለማይነካ፣ ሥጋ ገብቶበት የማያውቅ ድስት ለእርሱ ብላ ለይታ አስቀምጣለች፤ የማሽላ ቂጣውን፣ የኦቾሎኒ ድቁሱን፣ በዘይት የተጠበሰውን ደበርጃን በአንድ ሣጥን አድርጋ ትሰጣቸዋለች።

በመጨረሻው ጉዟቸው፣ በ፲፱፻፸፬ ዓ.ም. መጋቢት ላይ፣ ጧት ባቡሩ ወደ ባንጋሎር ሲቃረብ ከፊታቸው የተቀመጠ አንድ ነጋዴ ከአንድ ሣጥን ሲበሉ አየና፣

«ወንድማማቾች ናችሁ?» አለ።

«ባላንጣዎች ነን፣» አለው ማሕቡብ እየጎረሰ። «ልንካሰስ ነው የምንሄደው።»

ነጋዴው ሳቀ፤ እነርሱ ሳይስቁ ሲቀሩ አፈረና ወደ መስኮቱ ዞረ።

«ቪሩ፣» አለ ማሕቡብ ጥቂት ቆይቶ፤ «ጠበቃህ ምን አሉህ?»

«ከጧት ጀምሮ ደጅ ላይ እንደነበርኩ የሚመሰክር ከተገኘ፣ የፊርማው መዘግየት የመሥሪያ ቤቱ ነው ብለን እንከራከራለን ብለውኛል። ሹሙ ሞተዋል፤ ምስክር የለኝም ብያቸዋለሁ።»

«ምስክርማ አለህ።»

«አንተን አልጠራም። ባንተ አፍ አንተን ማስረታት ነውር ነው።»

«ጠርተኸኝ አይደለም፤ ራሴ ምዬ ጽፌ ለችሎቱ አስገብቻለሁ። ጠበቃዬ እግሬ ላይ ሊወድቅ ምንም አልቀረው፤ አብደሃል አለኝ።» ቂጣውን ለሁለት ቆርሶ ግማሹን ሰጠው። «ከሦስት ሰዓት ጀምሮ አብረን ነበርን፤ እውነት ነው። ትረታለህ። እኔ እንደሁ ወገቤን ያመኛል፣ የተህሲልዳር ወንበር መደገፊያው አይመችም።»

ቪሩፓክሻ የጓደኛውን እጅ ይዞ እስከ ባንጋሎር ድረስ አልለቀቀውም። እንዲህ ዓይነት ፍቅር አይቻለሁ የሚል ብዙ ሰው አለ፤ እኔ ግን ሌላ አላየሁም።

ፍርድ ቤቱ ቀይ ነው፤ ዓምዶቹ ረጃጅም፣ የችሎቱም አዳራሽ እንደ ቤተ መቅደስ ቀዝቃዛ። የቪሩፓክሻ ጠበቃ አቶ ሴሻጊሪ፣ ቀጭን ረጅም ሰው፣ የማሕቡብን የመሐላ ቃል በደስታ አንሥተው አነበቡ፤ አመልካቹ ከረፋዱ ሦስት ሰዓት ጀምሮ በጽሕፈት ቤቱ ደጅ እንደነበረ ተጠሪው ራሱ ይመሰክራል አሉ። ያነበቡት የመጀመሪያውን ገጽ ነበር።

ዳኛው ግንባራቸው ላይ ሦስት የአመድ ሰረዝ ያለባቸው፣ ጸጥ ያሉ ሽማግሌ ናቸው። ወረቀቱን ገለጡት።

«ሁለተኛውን ገጽ አላነበቡልንም፣ አቶ ሴሻጊሪ።»

ሁለተኛው ገጽ ላይ ማሕቡብ ሁሉንም ጽፎት ነበር። እውነቱን እናገራለሁ ብሎ ከማለ ወዲያ ግማሹን ማስቀረት አልቻለበትም፤ ደግሞም ዳኛው የአገሩን ልማድ የሚያከብሩ ሰው መሆናቸውን ሰምቶ፣ ምክንያቱን ቢያውቁ ይራሩለታል ብሎ አስቦ ነበር። «እኔን ግባ ያለኝ እርሱ ነው፤» ይላል ጽሑፉ፤ «እርሱ የቀረው የራሁ ሰዓት እስኪያልፍ ቆይ ብለው እናቱ ስላዘዙት ነው። ሹሙ በሥፍራቸው ነበሩ፤ በሩም ክፍት ነበር፤ እንዲህ ያለ ልጅ በእናቱ መታዘዝ ምክንያት ሊጎዳ አይገባውም።»

ዳኛው መነጽራቸውን አወለቁ።

«እኔም በዚያ ሰዓት መንገድ አልጀምርም፤» አሉ፤ «ባለቤቴም አታስጀምረኝም። የአመልካቹን እናት አከብራለሁ። ነገር ግን መንግሥት የሚያውቀው ሰዓት አንድ ነው፤ እርሱም ግድግዳ ላይ የተሰቀለው ነው። በሩ ክፍት ከነበረ፣ ሹሙም ከነበሩ፣ አመልካቹ ያልገባው በፈቃዱ ነው። ይህ ምስክርነት ባይኖር ኖሮ መዝገቡን እንጠራጠር ነበር፤ አሁን ግን ጥርጣሬ የለንም።»

አቤቱታው ውድቅ ሆነ። ማሕቡብ አሊ በገዛ ቃሉ፣ ሊሰጥ ያሰበውን ወንበር ተሸለመ።

ደረጃው ላይ ማሕቡብ እንደ ልጅ አለቀሰ።

«ላድንህ ብዬ ገደልኩህ! የሞኝ እጅ! ምን ብዬ ሁለተኛውን ገጽ ጻፍኩት?»

«በሐሰት መማል አትችልበትም፤ ድሮም አትችልበትም፣» አለው ቪሩፓክሻ፤ ትከሻውን አቅፎ። «ወንበሩ ይቅር። አንተ ከያዝከው ከቤት አልወጣም። እናቴን ነው እንጂ… ነገ ከነገ ወዲያ ጋዜጣው ላይ ይወጣል። ገበያ ላይ ማንም ያነብላታል።»

ማሕቡብ ዓይኑን ጠርጎ ደረጃውን ወረደ።

የፍርዱን ግልባጭ የሚቀበለው አመልካቹ ስለሆነ ቪሩፓክሻ አንድ ቀን ባንጋሎር ቆየ፤ ማሕቡብ ቀድሞ ተመለሰ። ከአውቶቡሱ እንደወረደ ወደ ቤቱ አልሄደም፤ ቀጥታ ወደ ባሳማ በረንዳ ሄደና ጫማውን አውልቆ ከእግራቸው ሥር ተቀመጠ።

«አማ፣ ቪሩ ተረታ። ወንበሩ ለእኔ ሆነ።»

«እንዴት ሆኖ? ደግ ሰዓት አይደል ያስጀመርኩት?»

«ደግ ሰዓት ነበር። እርስዎ ቀትር ይለፍ ስላሉት፣ አብረን ጠብቀን አብረን እንፈርማለን ተባብለን ነበር። እሺ አልኩት። ፊቱን ሊታጠብ ወደ ወንዙ ሲወርድ ግን ሹልክ ብዬ ገብቼ ቀድሜ ፈረምኩ። በዚያ ነው የቀደምኩት።»

ባሳማ አላመኑም፤ ደጋግመው ጠየቁት፤ ደጋግሞ ዋሸ። ፍርድ ቤት ውስጥ ግማሽ እውነት መናገር ያቃተው ሰው፣ እዚያ በረንዳ ላይ ሙሉ ውሸት አሳምሮ ተናገረ። አሮጊቷ በመጨረሻ በሁለት እጃቸው በሩን ደግፈው ተነሡ።

«በዚህ እጄ ያጎረስኩህን ምነው ባነቀህ ኖሮ! ውጣ። ይህን ደጅ ሁለተኛ እንዳትረግጥ። ያቺ ሚስትህም አትምጣብኝ!»

ቪሩፓክሻ በማግስቱ ሲደርስ እናቱ ያገኙትን የሰፈር ሰው ሁሉ ሰብስበው ሲራገሙ አገኛቸው። የሚሉትን ሰምቶ ሲገባው ሻንጣውን ጥሎ ማሕቡብን ፍለጋ ወጣ፤ ወንዙ ዳር አገኘው።

«ማን እንዲህ አድርግ አለህ? አሁኑኑ እነግራታለሁ!»

«ምን ብለህ ነው የምትነግራቸው? ‹አንቺ ነሽ ያስቀረሽኝ› ብለህ?»

«አንተን ሌባ እያለች ነው! መንደሩ በሙሉ እየሰማ!»

«ይበሉኛ። እኔ እችለዋለሁ፤ ትከሻዬ ሰፊ ነው። እርሳቸው ግን ያኛውን አይችሉትም፤ ታውቃለህ። ስንት ዓመት ይኖራሉ ብለህ ነው? ተናድደው ይኑሩ፤ አዝነው ከሚኖሩ።» ከዚያም ፈገግ ለማለት ሞከረ። «ብቻ ቢልቂስን አንተ ንገራት። እኔ ፈርቻታለሁ።»

ቪሩፓክሻ እሺ አለ። ይህን እሺታውን ብዙ ጊዜ አስቤበት አዝኜበታለሁ፤ የጓደኛውን ስም ሰጥቶ የእናቱን ሰላም ገዛ፤ ግን በእርሱ ቦታ ብሆን ሌላ አደርግ ነበር ብዬ ለመማል አልደፍርም።

እንዲህ ሆኖ ሁለት ዓመት አለፈ። ማሕቡብ ተህሲልዳር ሆኖ መስኮቱ ዘንድ ተቀመጠ፤ ቪሩፓክሻ በዋና ጸሐፊነት ከእርሱ በታች ሠራ፤ ሰው ፊት «ጌታዬ» ይለዋል፤ በሩ ሲዘጋ ይሰዳደባሉ። ወደ ጽሕፈት ቤቱ የሚያስኬደው መንገድ ግን በባሳማ በረንዳ ሥር ነው የሚያልፈው። በየጧቱ አሮጊቷ ጠብቀው፣ ልክ ማሕቡብ ሲደርስ ድምፃቸውን ከፍ አድርገው፣ «ሯጩ መጣ! መንገድ ልቀቁለት፣ ሯጩ ቸኩሏል!» ይሉታል። ልጆች ተቀበሏቸው፤ ገበያው ተቀበላቸው፤ በሂሬጉንዲ የተህሲልዳሩ ስም «ሯጩ» ሆኖ ቀረ። ማሕቡብ ሌላ መንገድ ነበረው፤ በእርሱ ሄዶ ግን አያውቅም። ቢልቂስ ስትለምነው፣ «እኔን ካላዩ ታመው እንደሆነ አላውቅም፣» አላት። ስድቡን የሚሰማው ደኅንነታቸውን ለማወቅ ነበር።

በ፲፱፻፸፮ ዓ.ም. በጋ ላይ አንድ ጧት በረንዳው ባዶ ሆኖ አገኘው። ባሳማ አልጋ ይዘው ነበር። በሦስተኛው ቀን ልጃቸውን ወደ አፋቸው አስጠግተው፣

«ወሳንሳዬን ያ ሯጭ እንዳይነካብኝ፣» አሉት። «ቃል ግባልኝ።»

ቪሩፓክሻ የሚናገረው ምላሱ ጫፍ ላይ ነበር። ፊታቸውን አየ፤ የልጃቸውን ሕይወት በደግ ሰዓት እንዳስጀመሩ እያመኑ ሊሄዱ ነው።

«እሺ፣ እማዬ፣» አለ።

ከሰዓት በኋላ ዐረፉ። የወገናቸው ሥርዓት ሬሳን አስቀምጦ መቅበር ነውና ተቀምጠው፣ ማሪጎልድ በሚባል ቢጫ አበባ አጊጠው፣ በወሳንሳ ላይ ሆነው ተነሡ፤ ከተማው በሙሉ ወጣ። ማሕቡብ ከሰልፉ ኋላ፣ ከመጨረሻው ሰው ሃያ እርምጃ ያህል ርቆ፣ በባዶ እግሩ ይከተል ነበር። አንዳንዱ ዞሮ እያየው ያንሾካሹካል፤ «ምን ፊት አለውና ይመጣል!» የሚልም ነበር።

ከወንዙ መታጠፊያ ላይ ቪሩፓክሻ ወሳንሳውን የተሸከሙትን «ቁሙ» አላቸው። ከመሸከሚያው ሥር ትከሻውን አውጥቶ፣ ሕዝቡን ከፍሎ ወደ ኋላ ሄደ፤ ማሕቡብን በእጁ ያዘው።

«ቪሩ፣ ተው፣» አለ ማሕቡብ በሹክሹክታ፤ «ይሰማሉ።»

«ትስማ።»

እየጎተተ እስከ ወሳንሳው አመጣው፤ ከዚያም ሁላችንም እንድንሰማው አድርጎ ተናገረ።

«ይህ ሰው አልሮጠም። አብሬህ ልጠብቅ ሲለኝ ግባ ያልኩት እኔ ነኝ። ቀትር እስኪያልፍ የጠበቅሁት እናቴ ስላዘዘችኝ ነው፤ ወንበሩን ያጣሁትም በዚያ ነው። አልቆጨኝም፤ ዛሬ ተነሥታ ጠብቅ ብትለኝ እጠብቃለሁ። እርሷ እንዳታዝን ብሎ ነው ሁለት ዓመት ሙሉ ስድቧን የጠጣው። እንዳይነካኝ ብላ አስምላኛለች።» ወደ ወሳንሳው ዞረ። «እማዬ፣ ይህን እንኳ እምቢ ብዬሻለሁ።»

የፊተኛውን መሸከሚያ አንሥቶ በማሕቡብ ትከሻ ላይ አደረገው፤ ራሱ በሌላኛው በኩል ገባ። ማሕቡብ መጀመሪያ አንገቱን ደፍቶ ነበር፤ ወዲያው «አማ፣ ቀስ ብለን ነው የምንሄደው» ሲላቸው አጠገቡ የነበሩት ሰምተዋል።

ሁለቱም ከሥራ ወጥተው፣ አርጅተው፣ በየእምነታቸው መቃብር ዐርፈዋል። ከነገሩ ሁሉ የተጻፈው ከፍተኛው ፍርድ ቤት ያተመው ሁለት ገጽ ፍርድ ብቻ ነው፤ ጠበቆች ዛሬም ስለ ቅድሚያ ሲከራከሩ ያነሡታል፤ ከቀትር በኋላ የገባ ሰው ከማግስቱ ይቆጠራል ይላል። አመልካቹ «በግል እምነቱ ምክንያት» እንደዘገየ በአንድ መስመር አልፎታል፤ የእናትየዋ ስም የለበትም፤ ተጠሪው የምስክርነት ቃሉን የሰጠው እንዲረታ ሳይሆን እንዲሸነፍ እንደነበረም አይናገርም። የወንዙ መታጠፊያ ላይ የተባለውን ደግሞ የጻፈው ሰው አልነበረም። ያን ቀን ወሳንሳውን ከኋላ ከተሸከምነው ውስጥ አሁን በሕይወት ያለነው ሦስት ሰዎች ነን።